በመዝሙሩ ኅዳግ ላይ የተጻፉ ስሞች

ሠላሳ ሰባት ዓመት መጽሐፍ ስጠርዝ ኖሬ ባለፈው ሚያዝያ ጡረታ ወጣሁ። ያስወጣኝ አውራ ጣቴ ነው። አልታጠፍ ብሎ ቢያስቸግረኝ ሐኪም ዘንድ ሄድኩ። "ምን ስትሠሪ ነው እንዲህ የሆንሽው?" ሲለኝ "ስሰፋ" አልኩት። ልብስ መስሎት የለበስኩትን ቀሚስ ከላይ እስከ ታች አየና "ጎበዝ ነሽ!" አለኝ። ቀሚሱን እዚሁ አሜሪካ፣ ቡርንስቪል ካለ ሱቅ በቅናሽ ነው የገዛሁት። ቢሆንም አላረምኩትም። በእኔ ሙያ ሙገሳ ብዙም አይገኝም፤ መጽሐፍ በደንብ ከተጠረዘ ጠራዡን የሚያስታውስ የለም። የሚያስታውሱን ስናበላሽ ነው። እኔም አንድ ጊዜ አበላሽቼ ይኸው እስከ ዛሬ የሚያስታውሱኝ ሰዎች አሉ፤ ደግነቱ ዛሬ ሲያስታውሱኝ ይስቃሉ።

ሥራውን የጀመርኩት በሃያ አንድ ዓመቴ አዲስ አበባ፣ አንድ ማተሚያ ቤት ጥረዛ ክፍል ውስጥ ነው። ሴቶቹ ረጅም ጠረጴዛ ዙሪያ ተቀምጠን የታተመውን ወረቀት እናጥፋለን፣ እንደረድራለን፣ እንሰፋለን። አለቃችን አቶ መኮንን ሲቆጡ መነጽራቸውን ያወልቃሉ። መነጽራቸውን ካወለቁ ደግሞ ማን ማን እንደሆነ አይለዩም። ስለዚህ አጥፊዋ ሌላ፣ የምትሰደበዋ ሌላ ነበረች። ዘጠኝ ዓመት ሙሉ የአንዲት አልማዝ የምትባል ልጅ ስድብ የጠጣሁት እኔ ነኝ። ግን ክር ሰም መቀባትን፣ መርፌ ወረቀቱን ሳይቀድ እንዴት እንደሚያልፍ፣ ሙጫ መቼ "እንደደረሰ" በጣት ማወቅን ያስተማሩኝ እሳቸው ናቸው፤ እግዚአብሔር ይስጣቸው።

ከአገር ወጥተን ናይሮቢ ሦስት ዓመት ቆይተን እኔ፣ ባለቤቴና የሁለት ዓመቷ ልጃችን ሳራ ሚኒሶታ ገባን። ሆፕኪንስ ሁለት ክፍል አፓርትመንት ተከራየን። የመጀመሪያ ሥራዬ አረጋውያን መጦሪያ ውስጥ ላውንደሪ ነበር። አንሶላ ሳጥፍ ጠርዙን ከጠርዙ ጋር እንደ ወረቀት አጋጥሜ፣ በጥፍሬ አስምሬ አጥፌ ስለምደረድር ሱፐርቫይዘሬ ሌሎቹን እየጠራች ታሳያቸው ነበር። ስድስት ዓመት እንዲያ ካጠፍኩ በኋላ ኒው ሆፕ ውስጥ የቤተ መጻሕፍት መጻሕፍትን በማሽን የሚጠርዝ ድርጅት ቀጠረኝ።

እዚያ ሕጉ አንድ ነበር። የገባው መጽሐፍ ሁሉ ሲወጣ አዲስ መምሰል አለበት። በእርሳስ የተጻፈ ነገር በላጲስ ይጠፋል። በገጾች መካከል የተገኘ ነገር፣ አበባም ይሁን ፎቶ፣ ወደ ቅርጫት ይጣላል። ስድስት ዓመት እንዲያ ሠራሁ። እጅ ደግሞ የለመደውን ቶሎ አይረሳም። ይህን የምናገረው ለማመካኘት አይደለም፤ በኋላ የሆነው ነገር ከየት እንደመጣ እንዲታወቅ ነው።

መጽሐፉ ሁሉ ወደ ኮምፒውተር ሲገባ ድርጅቱ ሠራተኛ ቀነሰ። እኔም ሴንት ፖል፣ ያረጀ የጡብ ሕንፃ ምድር ቤት ውስጥ በእጅ የሚጠርዙ አንድ ሰው ዘንድ ገባሁ። ሃሮልድ ይባላሉ። ያኔ ስድሳ ዓመታቸው ነበር፤ ረጅም፣ ጎባጣ፣ ጢማቸው ላይ ሁልጊዜ የወረቀት ብናኝ የማይጠፋ። እንግሊዝኛ "አንተ" እና "እርስዎ" ስለማይለይ በስም ብቻ መጥራት ከብዶኝ "ጋሼ ሃሮልድ" አልኳቸው። ትርጉሙን ሲሰሙ ደስ ብሏቸው ስልክ ሲያነሱ ሁሉ "ጋሼ ሃሮልድ እባላለሁ" ማለት ጀመሩ። ደንበኞች የሚጠሩበት ስማቸው ሆኖ ቀረ።

የጋሼ ሃሮልድ ልማድ ብዙ ነው። ሥራ ከመጀመራቸው በፊት እጃቸውን ይታጠባሉ፤ ሲጨርሱም ይታጠባሉ፤ መጥፎ ነገር ሲሰሙም ይታጠባሉ። ሰኞ ሰኞ፣ ቢላዋዎቹ ቢደንዙም ባይደንዙም፣ ሁሉንም ይስላሉ። አንድም እስክሪብቶ ሱቁ ውስጥ አይገባም፤ የፖስታ ቤቱ ሰውዬ እንኳ በር ላይ ነበር የሚያስፈርማቸው። ከሁሉ የሚበልጠው ግን መጽሐፍ አቀባበላቸው ነው። ሰው መጽሐፍ ይዞ ሲመጣ እጃቸውን ዘርግተው አይቀበሉም። "እስቲ ይክፈቱልኝ" ይላሉ። ከዚያ ዝም ብለው የሰውየውን እጅ ያያሉ። የት ገጽ ላይ ከፈተ? በየትኛው ጣት ገለጠ? የት ላይ ቆመ?

"ጸዳለ" ይሉኝ ነበር፣ "ሰው መጽሐፉን ሲከፍት ምን እንዳልነካ ይነግርሻል። ሽፋኑን ልትቀይሪ ትችያለሽ፤ ጣቱ የቆመበትን ግን አትንኪ።"

እኔም አዎ እላለሁ። በአራተኛው ዓመቴ ጋሼ ሃሮልድ የጉልበት ቀዶ ጥገና ሲያደርጉ ሱቁን ለሁለት ወር ለእኔ ተዉልኝ። ኩራቴ አይጣል ነበር! የበሩን ቁልፍ አንገቴ ላይ ከማተቤ ጋር አንጠልጥዬ ነበር የምዞረው።

የገና በዓል ሊደርስ ሲል ሥራ በዝቶ ሳለ አንዲት ስድሳ ስድስት ዓመት የሚሆናቸው ሴትዮ፣ መኪና ከምትነዳላቸው የእህታቸው ልጅ ከታሚ ጋር ገቡ። ዴሎሪስ ይባላሉ። የዳኮታ ሕዝብ ተወላጅ ናቸው። ዳኮታዎች የዚህ አገር፣ የሚኒሶታ ባለቤቶች ናቸው፤ ድሮ ጦርነት ተደርጎ ከገዛ መሬታቸው ከተባረሩ በኋላ ጥቂት ጥቂት እያሉ የተመለሱ። የዴሎሪስ ቤተ ክርስቲያን ከከተማ በስተ ደቡብ ምዕራብ ሁለት ሰዓት የሚያስነዳ ቦታ ያለች ትንሽ የእንጨት ቤት ነች። ያመጡት በዳኮታ ቋንቋ የታተመ አሮጌ የመዝሙር መጽሐፍ ነው። በስስ ጨርቅ ጠቅልለው፣ እንደ ሕፃን በሁለት እጃቸው ይዘውታል።

"የአክስቴ ነበር" አሉ። "ካረፈች ሁለት ወር አልሞላትም። ገጾቹ እየወለቁ ነው፤ እንዳይጠፋብኝ ፈርቼ ገና አላነበብኩትም። ስፌቱ ይጥበቅልኝና ቁጭ ብዬ አየዋለሁ። ግን ከመጀመርሽ በፊት..."

ከኋላቸው ሦስት ሰው ተሰልፏል። ስልኩ ይጮኻል። "ምንም አያስቡ እማማ! እንደ አዲስ አደርግልዎታለሁ!" ብዬ ከእጃቸው ተቀበልኩ። እንዲከፍቱልኝ አልጠየቅሁም።

ሥራው ራሱ ቆንጆ ሥራ ነበር፤ ይህን ልበል። ጀርባው ላይ የደረቀውን ሙጫ በዱቄት ማጣበቂያ አርሼ፣ ለስልሶ ሲላቀቅ በአጥንት መፋቂያ ቀስ ብዬ አነሳሁት። የተቀደዱትን እጥፋቶች በጃፓን ስስ ወረቀት ጠገንኩ። ሰም በተቀባ የተልባ እግር ክር እንደገና ሰፋሁት። ግን ከዚያ በፊት "አጸዳሁት"።

በገጾቹ ኅዳግ ላይ በእርሳስ የተጻፉ ነገሮች ነበሩ፤ አንዳንዱ ደብዝዟል፣ አንዳንዱ ተጣሟል። የልጆች መሞነጫጨር መሰለኝ። ላጲስ ፈርፍሬ በጥጥ እያሸሁ አንድ በአንድ አጠፋኋቸው። በሦስት ቦታ ደግሞ የደረቀ ቅጠል ነበር፤ አንዱ ጋ በቀይ ክር የታሰረች ጨርቅ፣ ውስጧ ትንባሆ። ቅጠሉን ሳሸተው አሪቲ አሪቲ አለኝ። ሽታው አስደንግጦኝ ትንሽ ቆምኩ። ከዚያ "በመዝሙር መጽሐፍ ውስጥ ትንባሆ ምን ይሠራል? ይሄ ባዕድ አምልኮ ነው" አልኩና በስመ አብ ብዬ ቅርጫት ውስጥ ጣልኩት። በኒው ሆፕ እጄ ላጲሱን ያዝኩ፤ ቅጠሉን የጣለው ግን ልቤ ነው።

ዴሎሪስ ሊወስዱት የመጡ ቀን ጠረጴዛው ላይ ነጭ ወረቀት አንጥፌ አስቀምጬ ጠበቅኋቸው። ሽፋኑን ዳሰሱና ፈገግ አሉ። ከዚያ ከፈቱት። ጣታቸው ቀጥ ብሎ መሃል አካባቢ ገባ፣ ገለጠ፣ ቆመ። ቀጣዩን ገለጡ። ከዚያ ቀጣዩን። ፈገግታው ከፊታቸው ላይ ሲሄድ አየሁት።

"ስሞቹስ?" አሉኝ።

"የምን ስሞች?"

"የሞቱት ሰዎች ስም። አንድ ሰው ሲቀበር የተዘመረለት መዝሙር አጠገብ ስሙ ይጻፋል። ቅድመ አያቴ፣ ከዚያ አያቴ፣ ከዚያ አክስቴ ነው የጻፉት። አዳሪ ትምህርት ቤት ተወስደው ያልተመለሱት ልጆች ስም ሌላ ቦታ የለም።"

"እርሳስ... እርሳስ ነበር። አጠፋሁት" አልኩ። ወንበር ስቤላቸው ተቀመጡ። ታሚ በእጇ አፏን ያዘች። ዴሎሪስ አልጮኹም፤ ቢጮኹ ይሻለኝ ነበር። አንገቴ ላይ ያለውን ማተብ አዩ።

"ክርስቲያን ነሽ?"

"ነኝ።"

"እኔም ነኝ" አሉ። "ወደ እኛ የመጡት ሁሉ እንዲህ ነበሩ። ደግ ሰዎች ናቸው። ቆሻሻ ነው እያሉ ያጸዱልናል።"

መጽሐፉን ጠረጴዛው ላይ ትተው ወጡ።

ማታ እራት ላይ ለባለቤቴና ያኔ ኮሌጅ ለጀመረችው ለሳራ ነገርኳቸው። ባለቤቴ "ሳታውቂ ነው፣ ምን ታደርጊ" አለኝ። ሳራ ግን ሹካዋን አስቀመጠች። "ማም፣ ጋሼ ሃሮልድን ኮል አድርጊው። ናው" አለችኝ። ቤታችን ውስጥ እንግሊዝኛው ሲመጣ ነገሩ ቁርጥ ማለት ነው። ደወልኩ።

ጋሼ ሃሮልድ በማግስቱ ጠዋት በክራንች እየተነቀነቁ ደረጃውን ወረዱ። መጀመሪያ እጃቸውን ታጠቡ። ከዚያ "ስትቀበያቸው የት ላይ ነው የከፈቱት?" አሉኝ።

"አላስከፈትኳቸውም።"

ከሥራ ወጥተሻል እባላለሁ ብዬ ስጠብቅ፣ "ላጲስ የሚወስደው የእርሳሱን ጥቁረት ነው" አሉ። "የጸሐፊዋን እጅ ክብደት ግን አይወስድም። ብርድ ልብስ አምጪልኝ።"

መስኮቱን በብርድ ልብስ ሸፈንን። ትንሿን መብራት ከላይ ሳይሆን ከጎን፣ ከጠረጴዛው ጋር እኩል ዝቅ አድርገው አበሩት። ባዶ በነበረው ኅዳግ ላይ፣ ልክ ጀንበር ስትዘቀዝቅ የታረሰ መሬት ትልሙ እንደሚታይ፣ የፊደል ጥላ ብቅ አለ። ያለቀስኩት ያኔ ነው። ጋሼ ሃሮልድ እንባዬ ወረቀቱ ላይ እንዳይወድቅ ወንበሬን ወደ ኋላ ጎተቱት። ለመጽሐፉ አስበው እንጂ ለእኔ አልነበረም፤ እኔም በለቅሶዬ መሃል ሳቄ መጣ።

ዴሎሪስን ለመመለስ ሦስት ጊዜ ደወልኩ። ሁለቱን ጊዜ አልመለሱልኝም። በሦስተኛው ታሚ አነሳች፤ ነገርኳት። በሳምንቱ መጡ። ጨለማው ክፍል ውስጥ ሦስታችን ጭንቅላታችንን አጋጥመን ተቀመጥን፤ እኔ መብራቱን እይዛለሁ፣ ዴሎሪስ ያነባሉ፣ ታሚ ትጽፋለች።

"ትንሽ ዝቅ... ወደ ግራ... ቁሚ! ማርያ። ማርያ ዊኖና።"

ሁሉም ሁለት ሁለት ስም ነበራቸው። አንዱ ሲጠመቁ የተሰጣቸው፣ ሌላው የዳኮታ ስማቸው። "እኛም እኮ ሁለት ስም አለን" አልኳቸው። "እናትና አባቴ ያወጡልኝ ስም ጸዳለ ነው። የክርስትና ስሜ ወለተ ሚካኤል። ስሞት ቄሱ የሚጠሩኝ በሁለተኛው ነው።"

"የመጀመሪያውንስ ቀምተዋችሁ ነበር?" አሉኝ።

"እኔን አልቀሙኝም" አልኩ። ከዚያ እናቴ ትዝ አለችኝ። እናቴ የወላይታ ልጅ ናት፣ በሕፃንነቷ አዲስ አበባ ሰው ቤት መጥታ ያደገች። ስትደነግጥ "ጦሳ!" ትል ነበር፤ በወላይትኛ እግዚአብሔር ማለት ነው። እኛ ልጆቿ እየተሳሳቅን "እማዬ፣ ምን አልሽ?" እንላታለን። በደረቷ ሁልጊዜ አሪቲ ሸጉጣ ነበር ቤተ ክርስቲያን የምትሄደው። አንድ ቀን አንዲት ጎረቤት "ይሄ የአገርሽ ጣዖት ነው?" ብላ ሰው ፊት አሳፍራታለች፤ ከዚያ በኋላ አሪቲም አልያዘች፣ "ጦሳ"ም አላለች። ይህን ሁሉ ለዴሎሪስ ነገርኳቸው። ቅጠሉን ሳሸት አሪቲ አሪቲ እንዳለኝ፣ እያወቅሁ እንደጣልኩትም አልደበቅሁም።

"ሚሲዮኖቹ እግዚአብሔርን በእኛ ቋንቋ ምን ብለው እንደሚጠሩት ሲጨንቃቸው የእኛኑ ቃል ወሰዱ፣ ዋካን ታንካ አሉት" አሉኝ። "ስለዚህ መጽሐፉን ስከፍት የማገኘው አያቶቼ ድሮም የሚጠሩትን ነው። ቅድመ አያቴ ማንበብ የተማረችው ከጦርነቱ በኋላ በታጎሩበት ሰፈር ነው፣ ወንዞቹ የሚገናኙበት፣ አየር ማረፊያው አጠገብ። መዝሙሩን ያመጡልን ሰዎች ቋንቋችንን አቆዩልን። በዚያው ቤተ ክርስቲያን ስም የተከፈተው ትምህርት ቤት ደግሞ ያንኑ ቋንቋ ከልጆቹ አፍ በዱላ አወጣው። ሁለቱንም ነው የያዝኩት። ከባድ ነው፤ ግን አልጥለውም።"

በዚያ መንገድ ስንት ጊዜ ድራይቭ አድርጌያለሁ! ዘመድ ልቀበል፣ ዘመድ ልሸኝ። ወንዞቹ የሚገናኙበት ሰፈር ሰው የታጎረበት እንደሆነ ያን ቀን ነው ያወቅሁት።

ሃያ ሦስት ቦታ ተጽፎ ነበር። ሃያ አንዱን አነበብን። አንዱን ታሚ ስልክ ደውላ አንዲት የዘጠና ዓመት አሮጊት ነገረቻት። አንዱ ግን እምቢ አለ። ቅድመ አያትየው የመጀመሪያ ልጇን የጻፈችበት ቦታ መሆኑን ዴሎሪስ ከአክስታቸው ሰምተዋል፤ እርሳሱን የማትጫን፣ በጣም ቀላል እጅ ነበራት፤ ምናልባት እያለቀሰች ጽፋው ይሆናል። መብራቱን በየአቅጣጫው ይዤ ሁለት ሰዓት ፈለግሁት። የለም። ጠፍቷል። ያጠፋሁት እኔ ነኝ፤ ያን ልጅ ከእንግዲህ በስሙ የሚጠራው የለም። ሌላውን ሁሉ ስናገር እስቃለሁ፤ እዚህ ላይ አልስቅም።

ጋሼ ሃሮልድ ስሞቹን በተለየ ወረቀት ጽፈን ከመጽሐፉ ኋላ እንስፋቸው ቢሉ ዴሎሪስ አልተስማሙም። እርሳስ ተቀብለው ሃያ ሁለቱንም በየቦታቸው፣ በጥላው ላይ እየተከተሉ መልሰው ጻፏቸው። ሃያ ሦስተኛው ቦታ ላይ አንዲት ትንሽ ክብ ብቻ አደረጉ። ከቦርሳቸው ለጸሎት የሚይዙትን አዲስ ቅጠል አውጥተው ሊያስገቡ ሲሉ ቆም አሉና ለእኔ ሰጡኝ። አሽትቼ ራሴ አስገባሁት።

ከዚያ ወዲያ እኔም "እስቲ ይክፈቱልኝ" ሳልል መጽሐፍ ተቀብዬ አላውቅም። የሚገርመው ሥራው በዛ። የዳኮታ ሰዎች የአያቶቻቸውን መጽሐፍ ይዘው ከሩቅ ይመጡ ጀመር። አንዱን "ስለ እኛ ከማን ሰማህ?" ብለው፣ "ዴሎሪስ ልካኝ ነው። 'የኔን ያበላሸችው እሷ ናት፤ ስለዚህ ያንተን አታበላሽም' አለችኝ" አለኝ። በሥራ ዘመኔ የተሰጠኝ ትልቁ የምስክር ወረቀት ይኸው ነው።

ጋሼ ሃሮልድ ከስምንት ዓመት በፊት ሱቁን ለእኔ አስረክበው አረፍ አሉ። አሁን ሰማንያ ሁለት ናቸው፤ ሰኞ ሰኞ የሚስታቸውን የወጥ ቤት ቢላዋ ሁሉ እየሳሉ ሴትዮዋ ጣቷን መቁረጥ ሰልችቷታል። እኔም ሱቁን ለሁለት ጎበዝ ሴቶች አስረከብኩና ቤቴ ገባሁ። ባለቤቴ "አሁን ታርፊያለሽ" አለኝ። አሥራ አንድ ቀን አረፍኩ።

በአሥራ ሁለተኛው ቀን እትዬ ዴሎሪስ ደወሉ። አዎ፣ አሁን እትዬ ነው የምላቸው፤ ሰማንያ አራት ዓመታቸው ነው።

"ጸዳለ፣ መዝሙሩን በትልቅ ፊደል ልናሳትመው ነው። ሽማግሌዎቹ አያዩም፣ ልጆቹ ደግሞ ቋንቋውን አሁን እየተማሩ ነው። አርባ መጽሐፍ። በማሽን የተጣበቀ አንፈልግም፤ ገጹ ይወልቃል። አንቺ ትሰፊያለሽ።"

"እትዬ፣ አውራ ጣቴ እኮ አይታጠፍም።"

"እኛ ስምንት ሴቶች አለን። አሥራ ስድስት አውራ ጣት ነው። አንቺ ወንበር ላይ ቁጭ ብለሽ ተቆጪን።"

ቤተ ክርስቲያኗ ምድር ቤት ውስጥ ክረምቱን ሙሉ ቅዳሜ ቅዳሜ ሰፋን። ማሳተሙ ላይ ከአታሚው ጋር ተጣላሁ፤ ወረቀት ለመቆጠብ ኅዳጉን ጠባብ አድርጎት መጣ። "ሰው የሚጽፍበት ነው፣ ሦስት ጣት ይሁን" አልኩት። "መጽሐፍ ላይ ማን ይጽፋል?" አለኝ። ልጁ ወጣት ነው፤ ተቀምጬ ሁሉንም ነገርኩት፤ ኅዳጉን አሰፋው።

ሴቶቹን እንደ አቶ መኮንን መነጽሬን አውልቄ እቆጣቸዋለሁ። የታሚ ስፌት አንደኛ ሆነ። የእትዬ ዴሎሪስ ግን ለጠላትም አይስጥ፤ ክሩ ይቋጠራል፣ መርፌው ይጠፋል፣ አንድ ጊዜ መጽሐፉን ከቀሚሳቸው ጋር ሰፍተውት ተገኙ። እየሳቅን በመቀስ ፈታናቸው። ሲሰፉ ይዘምራሉ፤ እኔም ቃሉን በአማርኛ ፊደል ጽፌ ይዤ አብሬ እዘምራለሁ። "ዳኮታኛ ስትዘምሪ ከሩቅ አገር የመጣች አክስታችንን ትመስያለሽ" ይሉኛል።

አርባዎቹ ያለቁት ባለፈው ወር ነው። እሑድ ዕለት ከመዝሙሩ በፊት ለእያንዳንዱ ቤተሰብ አንድ አንድ ሰጡ። ሳራም አብራኝ መጥታ ነበር፤ ከኋላ ወንበር በስልኳ ቪዲዮ ታነሳለች። እትዬ ዴሎሪስ የመጨረሻውን መጽሐፍ ይዘው መጥተው አጠገቤ ተቀመጡና "እስቲ ክፈቺልኝ" አሉኝ።

ከፈትኩ። ክረምቱን ሁሉ ስንዘምረው በጣም የወደድኩት፣ ዜማው ቀስ ብሎ የሚወጣ አንድ መዝሙር አለ፤ ጣቴ እዚያ ቆመ። እትዬ ዴሎሪስ ከጆሯቸው ላይ እርሳስ አወረዱ።

"የትኛውን ስምሽን ልጻፍ?"

"ለምኑ?"

"ለዚህ መዝሙር። ሁለቱንም ልጻፈው?" ብለው በሰፊው ኅዳግ ላይ ጸዳለ፣ ወለተ ሚካኤል ብለው በእንግሊዝኛ ፊደል፣ እንደመጣላቸው፣ ሦስት ቦታ ተሳስተው ጻፉት።

"እትዬ ዴሎሪስ! እኔ እኮ አልሞትኩም!" አልኩ፤ ድምፄ ከፍ ብሎ ሰዉ ሁሉ ዞረ።

"አውቃለሁ" አሉ፣ እርሳሱን ወደ ጆሯቸው እየመለሱ። "ጥሩ መዝሙር ነው፤ ሌላ ሰው ሳይወስደው ቦታ ልያዝልሽ ብዬ ነው።"